«ሳልታወር አሳዪኝ» ያሉኝን ሰው ሸሸሁ

ጥያቄ

እትዬ፣ እንደምን አሉ? ዓምድዎን ከማንበብ አልፌ እጽፍልዎታለሁ ብዬ አስቤ አላውቅም ነበር። የ34 ዓመት ሴት ነኝ። ከአለ የሥነ ጥበብና ዲዛይን ትምህርት ቤት በሥዕል ከተመረቅኩ 11 ዓመት ሆነኝ። ከ6 ዓመት በፊት ለአንድ ሥዕሌ ክር ፍለጋ ሽሮ ሜዳ ወጣሁ። አንድ ሽማግሌ ሸማኔ ከጉድጓዳቸው ውስጥ ቀና ብለው «ቆመሽ አይታይም፤ ቁጭ በይና እይ» አሉኝ። ቁጭ አልኩ። ከዚያ ወዲህ አልተነሣሁም ማለት ይቻላል።

አባባ እላቸዋለሁ። ከዶርዜ የመጡ ናቸው፤ ሽመናውን የተማሩት ከአባታቸው ነው። ሁለቱ ወንዶች ልጆቻቸው ግን አልቀጠሉበትም፤ አንዱ ሹፌር ሆነ፣ ሌላው ሳዑዲ ገባ። በማሽን የታተመ ጥለት ገበያውን ሲሞላው፣ ባለቤታቸው ሲያርፉ፣ ልጃቸው ከሳዑዲ ሲደውል፣ ሁሉንም ለዶክመንተሪ ፊልም ቀርጬዋለሁ። እናቴ ለፋሲካ የምትለብሰውን ቀሚስ የሸመኑት እሳቸው ናቸው። ዛሬ ወደ 180 ሰዓት የሚሆን ቀረጻ በ7 ሀርድ ዲስክ አለኝ። አንዱ ሀርድ ዲስክ ካለፈው ክረምት ጀምሮ አይከፈትም።

የምኖረው ሰርግ በመቅረጽ ነው። በጥርና በግንቦት እሠራለሁ፣ በሁዳዴ ቁጭ እላለሁ። ካሜራውን የላከልኝ ቨርጂኒያ ያለው ታላቅ ወንድሜ ነው፤ የቤት ኪራይ ሲጎድለኝም የሚሞላልኝ እሱ ነው። ባለፈው ደውሎ «እኔም እኮ ደከመኝ» አለኝ። አልተቆጣም። ቢቆጣ ይሻለኝ ነበር። እናቴ ደግሞ የእድር ሰዎች «ልጅሽ ምን ትሠራለች?» ሲሏት «ትቀርጻለች» ብላ ወሬ ትቀይራለች።

ለ4 የውጭ ፈንዶች አመልክቼ አንዱም አልተሳካም። ከአውሮፓ የመጣ አንድ ፕሮዲውሰር ቀረጻውን ወዶት ነበር፤ ግን «ድህነቱን ጎላ አድርጊው፣ ሽመናውን ቀንሺው» ሲለኝ እምቢ አልኩ። ከዚያ በኋላ ለኢሜይሌ መልስ አልሰጠኝም። አሁን አሁን እምቢታዬ ትዕቢት ይሆን እላለሁ።

በቅርቡ አንድ የረድኤት ድርጅት በኮሙዩኒኬሽን ባለሙያነት ሊቀጥረኝ ፈለገ። ደመወዙ የተጣራ 48,000 ብር ነው፤ በወር 10 ቀን ያህል መስክ አለው። ውሉ ላይ «ሠራተኛዋ በቅጥር ዘመኗ የምታዘጋጀው ማንኛውም ምስልና ቪዲዮ የድርጅቱ ንብረት ነው» የሚል አለ። እስከ ወሩ መጨረሻ መልስ ይጠብቃሉ።

ከሁሉ የከበደኝን መጨረሻ ላይ ልንገርዎ። አባባ ዓይናቸው እየደከመ ነው። ክር ሲበጠስባቸው ጫፉን የሚያገኙት በጣታቸው ዳሰው ነው። እሱንም ቀርጬዋለሁ፤ ከቀረጽኩት ሁሉ የሚያምረው እሱ ነው። በመጨረሻ የሄድኩ ዕለት «ይህን ፊልም ሳልታወር አሳዪኝ እንጂ» አሉኝ። ከዚያ ቀን ጀምሮ 2 ወር ሙሉ አልሄድኩም። በሽሮ ሜዳ በኩል የሚያልፍ ታክሲ እንኳ አልይዝም። ሥራውን ብቀበል እሳቸውን መክዳት ይሆንብኛል? ባልቀበልስ በእጄ ምን አለኝ?

ድሩን ዘርግታ የቀረች፣ ከጉለሌ

መልስ

እህቴ፣ ከሥራው በፊት ስለ አባባ ዓይን ልጠይቅሽ። ሐኪም አይቷቸዋል?

ስለ ዓይናቸው የጻፍሽልኝ እንዴት እንደቀረጽሽው ነው፤ ስለ ሕክምና አንድም ቃል የለም። ልወቅስሽ ብዬ አይደለም። ካሜራ ይዞ ከአንድ ሰው ጋር ዓመታት የኖረ ሁሉ እዚህ ላይ ይደርሳል፤ የሚያየውን ነገር የታሪኩ አካሄድ አድርጎ ይቀበለዋል። ሽማግሌው ዓይናቸው ይጠፋል፣ መወርወሪያው ይቆማል፣ ፊልሙም በዚያ ያልቃል። ይህ መጨረሻ በልብሽ ውስጥ ተጽፎ የተቀመጠ ይመስለኛል። እሳቸው ግን እንዲህ እንዲያልቅ የፈለጉ አይመስለኝም።

በእሳቸው ዕድሜ ዓይን ቀስ በቀስ ሲጋረድ ብዙ ጊዜ ምክንያቱ ሞራ ነው። ሞራ ደግሞ በቀዶ ሕክምና ይወገዳል፤ የደፈረሰው የዓይን ሌንስ ወጥቶ ሰው ሠራሽ ሌንስ ይተካል፣ አብዛኛው ታካሚም በዚያው ቀን ወደ ቤቱ ይመለሳል። የዓይንን ነርቭ የሚጎዳው ግላኮማም ሊሆን ይችላል። እሱ ከሆነ የጠፋው ብርሃን አይመለስም፤ የቀረውን ማቆየት ግን ይቻላል፣ ስለዚህ አንድ ወርም ቢሆን ዋጋ አለው። የትኛው እንደሆነ የሚያውቀው የዓይን ሐኪም ብቻ ነው። ዳግማዊ ምኒልክ ሆስፒታል የቆየ የዓይን ክፍል አለው፤ ከሽሮ ሜዳም ያን ያህል ሩቅ አይደለም። እኔ እናቴን ይዤ የሄድኩት «እርጅና ነው፣ ምን ይደረጋል» እየተባለ 3 ዓመት ከቆየች በኋላ ነበር። ሞራው በተነሣ በሳምንቱ በረንዳ ላይ ተቀምጣ ምስር ስትለቅም አገኘኋት። እነዚያ 3 ዓመታት እስከ ዛሬ ይቆጩኛል።

«ጣልቃ ከገባሁ ዶክመንተሪነቱ ይቀራል» ትይኝ ይሆናል። ነገር ግን 6 ዓመት ሙሉ ጉድጓዱ አጠገብ ተቀምጠሽ፣ ባለቤታቸው ሲያርፉ አብረሽ አልቅሰሽ (አላለቀስኩም እንደማትይኝ እርግጠኛ ነኝ)፣ ጣልቃ ሳትገቢ ኖርሽ ማለት አይቻልም። እሳቸው ልጅ አድርገውሻል። ልጅ ደግሞ አባቷ ዓይኑን ሲያመው ሐኪም ቤት ትወስዳለች። ፊልሙ ይህን መሸከም ካቃተው ችግሩ የፊልሙ ነው። እኔ ግን የሚያቅተው አይመስለኝም፤ በጣታቸው ክር የሚፈልጉ ሸማኔ ከሕክምና በኋላ ያንኑ ጥለት በዓይናቸው ሲያዩት ማየት፣ ሰውየው ከሚጠፉበት መጨረሻ ይልቅ ብዙ የሚናገር ነገር አለው። ሐኪሙ ተስፋ የለውም ቢል እንኳ ሄዳችሁ ማወቃችሁ ሌላ ነው።

ሁለተኛው ነገር፣ የተናገሩሽን ቃል እንደገና አንብቢው። «ጨርሺው» አላሉሽም። «አሳዪኝ» ነው ያሉሽ። አንቺ ግን የሰማሽው «6 ዓመት ፈጀሽ፣ የታለ?» የሚል ወቀሳ ይመስለኛል፤ ይህን ጥያቄ ወንድምሽም፣ የእድሩ ሰዎችም፣ ፈንዶቹም ሲጠይቁሽ ከርመዋልና። እሳቸው የጠየቁት ከዚያ በጣም ያነሰ ነው። የቀረጽሽውን ማየት ይፈልጋሉ። ይህን ደግሞ በዚህ ዓመት ውስጥ ማድረግ ትችያለሽ።

ስለዚህ ለጊዜው የ90 ደቂቃውን ፊልም ከጭንቅላትሽ አውጪውና ለአንድ ሰው የሚሆን 20 ደቂቃ አዘጋጂ። በመጀመሪያ ግን ሀርድ ዲስኮቹ። የተበላሸውን ለመክፈት እየደጋገምሽ አትሞክሪ፤ ሙከራው ራሱ የቀረውን ሊያጠፋው ይችላል። ንቀዪና አስቀምጪው፣ ገንዘብ ሲገኝ ዳታ ለሚያድን ባለሙያ ይሰጣል። የቀሩት 6ቱ ሁለተኛ ቅጂ ይኑራቸው፤ ቅጂውም ከአንቺ ቤት ውጭ፣ እናትሽ ቤት ይቀመጥ። 6 ዓመት የፈጀ ሥራ በአንድ ዲስክ ላይ ተንጠልጥሎ ማደር የለበትም። ከሚቀጥለው ሰርግ ከምታገኚው ክፍያ መጀመሪያ የሚገዛው ይህ ነው።

ከዚያ 180ውን ሰዓት ሁሉ ለማየት አትነሺ፤ እዚያ ከገባሽ በዓመትሽም አትወጪም። ዓይንሽን ጨፍነሽ መጀመሪያ ትዝ የሚሉሽን 3 ቀናት ጻፊ። እነዚያን ብቻ አውጪ። በጋሞኛ የተናገሩትን ሹፌሩ ልጃቸው እያዳመጠ ይተርጉምልሽ፤ እግረ መንገዱንም የአባቱን ድምፅ ቁጭ ብሎ ይስማ። አንድ ሰው ደግሞ አጠገብሽ አስቀምጪ። በደብዳቤሽ ውስጥ ከአንቺ ጋር ስለሚሠራ ሰው አንድም ቦታ ላይ አላነበብኩም፤ ቀረጻውም፣ ድምፁም፣ ማመልከቻውም ያንቺ ነው። መቅረጽ ብቻሽን ይቻልሻል፣ ስለዚህም ነው መሰለኝ መቅረጹን ማቆም ያቃተሽ። ኤዲት ማድረግ ግን የጨከነ ሌላ ዓይን ይፈልጋል፤ አንቺ የምትወጂው ሾት ተመልካቹን እንደሚያሰለቸው የሚነግርሽ ሰው። አብሮሽ የተማረ፣ የራሱ ያላለቀ ሥራ ያለው አንድ ጓደኛ አይጠፋም። እሱ ያንቺን ሲያይልሽ አንቺም የእሱን እይለት።

ሃያውን ደቂቃ መጀመሪያ የሚያዩት አባባ ይሁኑ፣ በራሳቸው ግቢ፣ ድምፁ በደንብ እንዲሰማ ተደርጎ። ካዩ በኋላ የቱ ልክ እንዳልሆነ ጠይቂያቸው። ሸማኔ ስሕተት ፈልጎ ማግኘት ያውቃል። ፊታቸውና ታሪካቸው ለሕዝብ እንዲቀርብ መፍቀዳቸውን የሚያሳይ ወረቀትም በዚያው ቀን፣ ልጃቸው በጋሞኛ አንብቦላቸው ይፈረም፤ ምን እየፈቀዱ እንደሆነ የሚያውቁት ካዩት በኋላ ነውና።

አሁን ወደ ሥራው። ብትቀበዪው ይሻላል ብዬ አስባለሁ፤ ያ የውሉ አንቀጽ ከተስተካከለ።

ክህደት ሆኖ የታየሽ ደመወዝን ከነፃ ሥራ ጋር የማይታረቅ አድርገሽ ስለሣልሽው ይመስለኛል። በዚህ ሙያ ከአገራችን የወጡትን ሰዎች ኑሮ እስቲ ልብ በይ። ሳሌም መኩሪያ ስለ ስደተኛ ሴቶችም፣ በአብዮቱ ዘመን ስላጡት ወንድማቸውም ፊልም የሠሩ፣ በኋላም ባለ ሦስት ስክሪን የቪዲዮ ሥራ በሥዕል አዳራሽ ያሳዩ ሴት ናቸው። በቦስተን የሕዝብ ቴሌቪዥን ጣቢያ ሠርተዋል፣ ከዚያም በዌልዝሊ ኮሌጅ ለረጅም ዓመታት አስተምረዋል። ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማም ብዙዎቹን ፊልሞቻቸውን የሠሩት በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ እያስተማሩ ነው። በእርግጥ የእነሱ እንጀራ ከካሜራው ጋር የተቀራረበ ነበር፣ የኖሩትም አሜሪካ ነው፤ እዚህ እንዲህ ያለ የማስተማር ቦታ እንደ ልብ አይገኝም። አንቺም ግን እስከ ዛሬ ያለ ደመወዝ አልኖርሽም። ደመወዝሽ ሰርጉና የወንድምሽ ኪስ ነበር። ሰርጉ ቅዳሜና እሁድሽን በቀረጻ፣ ሰኞ እስከ ዓርብሽን በሰርጉ ኤዲት ይበላዋል፤ ሁዳዴ ሲመጣ ጊዜ ይኖርሻል፣ ያኔ ደግሞ የኪራዩ ጭንቀት አያሠራሽም። እውነቱን ንገሪኝ፣ ባለፈው ሁዳዴ ስንት ቀን ኮምፒዩተሩ ፊት ተቀመጥሽ? መልሱ ጥቂት ቀን ከሆነ ሥራው የሚወስድብሽ ነገር የፈራሽውን ያህል አይደለም።

የሚወስድብሽ ነገር ግን አለ፣ አልደብቅሽም። በወር 10 ቀን መስክ ማለት ከዚያ በኋላ 2 ቀን ድካም ማለት ነው። ደግሞ የ3 ደቂቃ የተጠቃሚዎች ታሪክ እየሠራሽ ስትከርሚ፣ ሁሉንም ሰው «ድሮ ተቸገረ፣ ዛሬ ተለወጠ» በሚል መስመር ማየት ይለምድብሻል። ስለዚህ ገና ስትገቢ ለራስሽ ቀን ቁረጪ፤ ለምሳሌ 18 ወር። ከወንድምሽ በቀር ለማንም መንገር አያስፈልግሽም። በየሳምንቱም አንድ ቀን፣ እሁድ ከሰዓትም ቢሆን፣ የፊልሙ ይሁን፤ በዚያ ቀን ሰርግም፣ የቢሮ ሥራም አይነካም።

አንቀጹ ላይ ግን ቸል እንዳትይ። የቅጅና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ሠራተኛ በቅጥር ሥራው ላይ ላዘጋጀው ነገር፣ ሌላ ስምምነት ከሌለ፣ የኢኮኖሚ መብቱን ለቀጣሪው ይሰጣል። ለድርጅቱ የቀረጽሽው የድርጅቱ መሆኑ ተገቢ ነው። ያንቺ ውል ግን «ማንኛውም» ይላል፤ እሁድ ከሰዓት ሽሮ ሜዳ የምትቀርጪውንም ጨምሮ ሊተረጎም ይችላል። ሳታፍሪ ጠይቂ። «ከቅጥሩ በፊት የጀመረችውና በራሷ ጊዜና መሣሪያ የምትሠራው የዶክመንተሪ ፊልምና የሥነ ጥበብ ሥራ የራሷ ነው» የሚል አንድ ዓረፍተ ነገር ይጨመርልሽ። የፊልሙን ጊዜያዊ ርእስ፣ ቀረጻው የተጀመረበትን ቀንና የዲስኮቹን ዝርዝር በአባሪ አያይዢ። ከመፈረምሽ በፊት አንድ የሕግ ባለሙያ ቢያየው ደግ ነው። ይህን ጥያቄ በቅንነት የሚቀበል መሥሪያ ቤት ብዙ ነው፤ ውሉን የሚጽፈው ሰው አብዛኛውን ጊዜ ከሌላ ውል ገልብጦ ነው እንጂ ያንቺን ፊልም አስቦ አይደለም። በፍጹም እምቢ ካሉ፣ ይህን ሥራ ተይው እልሻለሁ። የአባባን 6 ዓመት ለ48,000 ብር አሳልፎ መስጠት አይገባም።

ለፕሮዲውሰሩ የሰጠሽው መልስ ትዕቢት አልነበረም። ሽመናውን ቀንሶ ድህነቱን ማጉላት ማለት ሰውየውን ከእጃቸው መለየት ነው፤ እጃቸውን ካወጣሽው የሚቀረው ማንም ሊሆን የሚችል አንድ የተቸገረ ሽማግሌ ነው። ግን አንድ ነገር ልጠይቅሽ፦ ችግሩን ጭራሽ ደብቀሽው ይሆን? ክር በዱቤ ሲወስዱ፣ ነጋዴው ዋጋ ሲቀንስባቸው ቀርጸሻል? ከታተመው ጨርቅ ጋር ሲወዳደሩ አንድ ቀሚስ ስንት ቀን እንደሚፈጅባቸውና ስንት እንደሚያተርፉ ተመልካች ያውቃል? ለክብራቸው ስትሳሺ ኑሯቸውን ካስቀረሽው እሱም ጉድለት ነው። ይህን የምታውቂው አንቺ ነሽ፣ እኔ ቀረጻውን አላየሁም።

ለፈንድ እንደገና ታመለክቺያለሽ፣ ግን ሃያው ደቂቃ ከተዘጋጀ በኋላ። ጽሑፍሽ ምንም ቢያምር መራጮቹ ዞረው የሚያዩት ናሙናውን ነው። ናይሮቢ ያለው ዶክዩቦክስ የምሥራቅ አፍሪካ ዶክመንተሪ ሠሪዎችን የሚደግፍ ፈንድ ነው፤ እኛንም ይመለከታል። የአምስተርዳሙ የዶክመንተሪ ፌስቲቫል የሚሰጠው ኢድፋ በርታ ፈንድም ለአፍሪካ ፊልም ሠሪዎች ክፍት ነው። ከዚህ በፊት ለእነዚህ አመልክተሽ ከሆነም ያለ ናሙና ወይም በደካማ ናሙና የቀረበ ሥራ ተመልሶ መቅረቡ ነውር የለውም። የ6 ዓመቱ ርዝመት ደግሞ አያሳፍርሽ። ጀሲካ በሺር ሐረር ላይ የሠራችውና እ.ኤ.አ. በ2021 በአሜሪካው ሰንዳንስ የፊልም ፌስቲቫል የታየው ፋያ ዳይ የተባለ ዶክመንተሪ ቀረጻው 10 ዓመት ያህል ወስዷል። ኃይሌ ገሪማም ስለ ባርነት የሠሩትን ሳንኮፋ የተባለ ፊልም የአሜሪካ አከፋፋዮች አንቀበልም ሲሏቸው ሲኒማ ቤት እየተከራዩ ከከተማ ከተማ ይዘውት ዞሩ። ሥዕል የተማርሽ ልጅ ስለሆንሽ አንድ ቀን የእጃቸውን ምስል ከራሱ ከጨርቁ ጋር በአዳራሽ ታሳይው ይሆናል፤ እሱን ለጊዜው በማስታወሻሽ ጻፊው፣ አሁን አትጀምሪው።

ወንድምሽ «ደከመኝ» ሲልሽ የሚያልቅበትን ቀን አያውቀውም፤ አንቺም አልነገርሽውም። ደውዪለትና ሥራ ልትይዢ እንደሆነ፣ ከዚያ ወር ጀምሮ ኪራዩን ራስሽ እንደምትከፍዪ፣ ለ18 ወሩ ምን እንዳሰብሽ ንገሪው። የላከውን ካሜራ ለከንቱ እንዳልላከ የሚያሳይ የ1 ደቂቃ ቁራጭም ላኪለት። ሌላ ማስረዳት አያስፈልግም።

እናትሽ ልጇ የምትሠራውን አይታው አታውቅም ብዬ እገምታለሁ። አንድም ጊዜ አሳይተሻት ታውቂያለሽ? አባባ ፊልሙን የሚያዩ ቀን እሷንም ይዘሻት ሂጂ፣ ያቺን የፋሲካ ቀሚስ ለብሳ። የሸመኗትን ሰው ከነጉድጓዳቸው ትየው፣ ስክሪኑ ላይም ትየው። ለእድሩ ሰዎች ምን እንደምትል ከዚያ በኋላ እሷ ታውቃለች።

ይህ ሁሉ ግን ከሚመጣው ቅዳሜ በኋላ ነው። ቅዳሜ ጠዋት ሽሮ ሜዳ ውጪ። ካሜራውን ቤት ተይው። ለምን እንደጠፋሽ እውነቱን ንገሪያቸው፤ የማሳይዎት ነገር ስላልነበረኝ አፍሬ ነው በያቸው። ከዚያ ሰኞ ሐኪም ቤት አብራችሁ እንድትሄዱ ጠይቂያቸው። ሐኪሙ ምን እንዳለ ጻፊልኝ፣ እጠብቃለሁ።